ሳይቀመስ የተላከ እንቁላል

«ባልሽ ባታም ላይ ሌላ አግብቷል እየተባለ ነው፤» አለች እቴክ ሊስና፣ የቀይ ቃሪያውን ጅራት እየቀነጠበች።

ከዝናቡ ወራት ጀምሮ ይህችን አንዲት ወሬ ስትደጋግም ቤቱ ተሰላችቷል። ልብስ ስታሰጣ ታነሣታለች፣ ሩዝ ስትለቅም ታነሣታለች፣ አንድ ጊዜማ መንጋጋዋን ተነቅላ፣ ጉንጯ አብጦ፣ አፏ በጥጥ እንደተወተፈ አንሥታታለች። እቴክ ሊስና የዊርዳ እናት ታናሽ እህት ናት፤ ባሏ ከሞተባት ወዲህ ከኋላ ያለችውን ጠባብ ክፍል ይዛ የምትኖር፣ የሰፈሩን ልደትና ፍቺ ከባለቤቶቹ ቀድማ የምታውቅ ሴት። ዊርዳ ይህን አፍ ለመዝጋት ያልሞከረችው ዘዴ የለም። ዝም ብላታለች፣ ስቃባታለች፣ ተቆጥታታለች። «ማነው የሚለው?» ብላ ስታፋጥጣት ግን አክስትየዋ ዓይኗን ወደ ጣራው ቆርቆሮ ትሰቅላለች።

«ሰው ነዋ።»

«ሰው ስም የለውም?»

«ስሙን ብነግርሽ ሄደሽ ልትጣዪው አይደል? ተዪኝ እስቲ፣ ጾመኛ ነኝ።»

«ሐሜት ጾም አያበላሽም?»

«ይኼ ሐሜት አይደለም፤ መረጃ ነው።»

ዊርዳ የዛሬውን እንደ ወትሮው አልተከራከረችም። ከእጇ ላይ የቃሪያውን ሳህን ተቀበለቻትና፣ ከፊት ክፍል ያለችው እናቷም እንድትሰማ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ፣ «ዛሬ ለአማቴ ለማንዴ ሮስማኒ ማፍጠሪያ እወስዳለሁ፤» አለች። የስፌት መኪናው ድምፅ ቀጥ አለ። ለዒድ የታዘዘ የሰው ልብስ እስከ ወገቧ ተከምሮባት ስለነበር እናቷ መኪናውን እንዲህ በቀላሉ የምታቆም ሴት አልነበረችም። «አትሂጂ» አለች፣ ሌላ ምንም ሳትጨምር። መኪናው እንደገና መንጎድ ጀመረ።

እኛ ዘንድ በጾሙ ወር ያገባች ሴት በገዛ እጇ ማፍጠሪያ ሠርታ፣ በድርብርቡ የምሳ ዕቃ አንጠልጥላ ወደ አማቷ ቤት ትሄዳለች። በየትኛውም ሕግ አልተጻፈም፤ የቀረችውንም የሚከሳት የለም። ግን መንገድ ዳር ያሉት በሮች ሁሉ ዓይን አላቸው። ዕቃውን ይዛ የወጣችውን ያያሉ፣ እጇን አጣጥፋ የተቀመጠችውንም ያያሉ፤ የተቀመጠችው ሴት ትዳሯ ማለቁን በራሷ አፍ የተናገረች ያህል ነው። ቤቱ እንደሆነ የሴት ነው፣ ከእናት ወደ ሴት ልጅ የሚወርድ። ባል ሻንጣውን ይዞ ይገባል፣ ነገሩ ካልሆነም ሻንጣውን ይዞ ይወጣል። የዊርዳ ባል ዮንድሪም እንዲሁ በሆታና በዘፈን ታጅቦ ገብቶ፣ ዓመት ሳይሞላው ባታም ደሴት መርከብ ሊበይድ ሄደ። መሄዱ ማንንም አላስደነቀም፤ ወንድ ልጅ ሀገሩን ለቅቆ ካልሠራ በእኛ ወንድ አይባልም። መጀመሪያ ማታ ማታ ይደውል ነበር። ቀጥሎ ዓርብ ዓርብ ሆነ። አሁን እሷ ስትደውል ብቻ ነው የሚያነሣው፣ ያውም ሁልጊዜ ከበስተኋላው ሰው እየጠራው፣ ሁልጊዜ «ቆይ መልሼ እደውላለሁ» እያለ።

«አግብቶ ከሆነ እናቱ ያውቃሉ፤» አለች ዊርዳ ወደ ፊት ክፍል ብቅ ብላ። «ፊታቸውን አይቼ እመለሳለሁ። የሐሜተኛ እጅ ላይ ወድቄ ከምከርም በራሴ ዓይን ልወቀው።»

«የሰው ፊት መጽሐፍ ነው እንዴ የምታነቢው?» አለች እናቷ፣ ክር በጥርሷ እየበጠሰች።

«የእሳቸው ምላስ መጽሐፍ ነው።»

ማንዴ ሮስማኒን የፓዳንግ ከተማ ሠርግ ሁሉ ያውቃቸዋል። ድንኳን ተተክሎ ትልልቁ ብረት ድስት ሲጣድ፣ ከእሳቱ ፊት ቆመው የሰፈሩን ሴት ሁሉ በዓይናቸው የሚያዝዙት እሳቸው ነበሩ። የሌላ ሰው እጅ የሠራውን አመስግነው አያውቁም። አምና ዊርዳ የወሰደችላቸውን የእንቁላል ባላዶ፣ በቃሪያ ድልህ የተለወሰውን ጥብስ እንቁላል፣ አንድ ጊዜ ጎረሱና «ይኼ ቃሪያ ድንጋይ አላየም» አሉ። እውነታቸውን ነበር፤ በኤሌክትሪክ መፍጫ ነበር የፈጨችው። «የበሽተኛ ሾርባ አስመሰልሽው። እንቁላሉም በወጉ አልተጠበሰም፤ ቆዳው እንዲህ ለስልሶ ድልሁ ምኑን ይያዝ?» ዮንድሪ እስኪያስለው ሳቀ። ዊርዳ እስከ ጆሮዋ ቀላች። ዕቃ ሲያጥቡ ግን የባሏ ታላቅ እህት ኤፍዳ ጠጋ ብላ «ደስ ይበልሽ እንጂ» አለቻት። «እናቴ የሚሰድቡት የራሳቸውን ሰው ብቻ ነው። እንግዳ ብትሆኚ ኖሮ ‹ጣፍጧል፣ እጅሽ ይባረክ› ብለው ሳህኑን ገፋ ያደርጉት ነበር።» ዊርዳ ይህችን ቃል ዓመቱን ሙሉ እንደ ወርቅ ቋጥራ ይዛት ኖራለች። ዛሬም የምትሄደው ለመሰደብ ነው። ከተሰደበች አሁንም የዚያ ቤት ሰው ናት።

ቃሪያው ከተራራው ሀገር የሚመጣው ጠምዛዛው ነው፤ በጾሙ ወር ዋጋው ዶሮን አልፎ ስለሄደ ሻጯ ስትመዝን እንደ መድኃኒት በሁለት ጣቷ ነበር የምትጨምረው። ዊርዳ «እህቴ፣ ቃሪያ ነው ወይስ ሽቶ የምትሸጪልኝ?» ስትላት፣ ሻጯ «ሽቶ ብትፈልጊ ይረክስልሻል፤ ሰው ግን ሽቶ አይበላም» ብላ መለሰችላት። እንቁላል ሻጩ ጋ ደግሞ እያንዳንዷን ፍሬ ወደ ብርሃን እያነሣች መረጠች። ሰውየው «እመቤት፣ ልትድሪያቸው ነው እንዴ?» ብሎ ሳቀባት። የመረጠችው መጠናቸው እኩል፣ ልጣጫቸው ጥርት ያለ ብቻ ነበር። ሌላ ቀን ቢሆን ለእንቁላል ቅርጽ የምትጨነቅ ሴት አይደለችም።

ድንጋዩ ከማድ ቤቱ በር አጠገብ፣ ከመሬት መንቀጥቀጡ ዓመት ጀምሮ የተሰነጠቀው ግድግዳ ሥር ነው። ዙህር አልፎ እቴክ ሊስና ጋደም ስላለች ማድ ቤቱ ለዊርዳ ብቻ ቀረ። ቃሪያውንና ደቃቁን ቀይ ሽንኩርት ድንጋዩ ላይ አደረገች፤ ጨውንም አብራ ጨመረች፤ ጨው አብሮ ካልገባ ቃሪያው እየተንሸራተተ መጁ ሥር አይያዝም። ከዚያ ተንበርክካ መጁን በሁለት እጇ ይዛ ትገፋው ጀመር። ለብዙ ወራት ያልነካችው ሥራ ስለሆነ መጀመሪያ ክርኗን፣ ቀጥሎ ጀርባዋን አመማት። ጾሙ አፏን አድርቆታል፤ ከቃሪያው የሚተነው ግን ዓይኗን አርሶታል፤ የሚያያት ቢኖር ታለቅሳለች ይል ነበር። አላደቀቀችውም። ፍሬው የሚታይ፣ ልጣጩ በጣት መካከል የሚዳሰስ ሲሆን ተወችው፤ አማቷ ድንጋይ ያየ ቃሪያ የሚሉት ይኸን ነው። ለስልሶ የወጣ ድልህ ለሳቸው የሰነፍ ሴት ሥራ ነው።

እንቁላሎቹን ቀቅላ ላጠቻቸው፣ ዘይቱ ውስጥ እንዳይፈነዱ በሹካ ወጋ ወጋ አደረገቻቸው፣ ከዚያም በኮኮናት ዘይት ጠበሰቻቸው። አምና ፈርታ ቶሎ ያወጣችው እዚህ ላይ ነበር። ዛሬ ዘይቱ እጇ ላይ እየተረጨም ቢሆን ጠበቀች፤ ነጩ ቆዳ ወርቃማ ሆነ፣ ኩፍ አለ፣ ከዚያ እንደ አሮጊት ጉንጭ ተጨማደደ። አሁን ድልሁን የሚይዝ ቆዳ አገኘ። እንቁላሎቹን አውጥታ ድልሁን ስትገለብጠው ማድ ቤቱ ሁሉ ሳል ሆነ። ከፊት ክፍል እናቷ «ደንበኞቼን ልትፈጃቸው ነው! በሩን ዝጊው!» ብላ ጮኸች። ቲማቲም ገባ፣ የሎሚ ቅጠል ገባ፤ እሳቱን ቀንሳ ዘይቱ ቀይ ሆኖ ከላይ እስኪንሳፈፍ አማሰለችው። እንቁላሎቹን መልሳ ስታገላብጣቸው ድልሁ በየሽብሽባቱ ገባና እዚያው ቀረ። ሌላ ጊዜ ቢሆን ጣቷን ነክራ ትቀምስ ነበር። ምላስ ላይ ነካ አድርጎ መትፋት ይፈቀዳል የሚሉ አሉ፤ በዚህ ቤት ግን አይደረግም። በቤቱ ሦስት ምላስ አለ፣ ሦስቱም ጾመኛ። ዊርዳ ድስቱ ላይ አጎንብሳ ለረጅም ጊዜ አሸተተችና፣ ‹ይህን ከሰደቡልኝማ ዓይኔን ጨፍኜ እሰደባለሁ› ብላ ለራሷ ሳቀች። ክዳኑን ገጥማ ልትታጠብ ሄደች። ውሃ ስትደፋ የድስቱ ክዳን ሲንኳኳ ሰማች፤ እቴክ ሊስና ተነሥታ እያየች መሆን አለበት። ያቺ ሴት ሳታየው የሚያድር ድስት በዚህ ሰፈር የለም።

ዐሥር ሰግዳ፣ ባለፈው ዓመት ማንዴ ሮስማኒ በሰጧት ጨርቅ የተሰፋውን ቀሚስ ለበሰች። በዚያን ጊዜ ባዶው የምሳ ዕቃ ሲመለስላት ውስጡ ይህ ጨርቅ ታጥፎ ነበር፤ የምሳ ዕቃ ባዶውን አይመለስም። ጨርቁ ለሷ ቀሚስ ለዮንድሪም ሸሚዝ በቅቶ፣ የዒድ ዕለት ባልና ሚስት አንድ ዓይነት ለብሰው በየዘመዱ ቤት ዞሩ። የምሳ ዕቃውን በሦስት ደረጃ ሞላች፦ ከታች ሩዝ፣ ከመሐል እንቁላሉ፣ ከላይ በኮኮናት ወተት የተቀቀለ ሙዝ። በር ላይ ጎረቤቷ መንገድ ዳር ቆማ አገኘቻት።

«ዊርዳ! ወዴት ነው እንዲህ አጊጠሽ?»

«አማቴ ጋ።»

«ውይ! ባልሽ መጣ እንዴ?»

«ባሌ ቢመጣማ ዕቃውን እሱን ነበር የማሸክመው።»

በዘፈን የሚንቀጠቀጠው ሚኒባስ ውስጥ የምሳ ዕቃውን ጭኗ ላይ አቅፋ ተቀመጠች። ሽታው መኪናውን ሞላው፤ አንድ ሽማግሌ አፍንጫቸውን በመሐረብ ይዘው «ልጄ፣ ይኼ በጾመኛ ላይ የሚሠራ ግፍ ነው» አሏት። ሁሉም ሳቀ። እሷም ሳቀች። ባሕሩ በቀኝ በኩል ግራጫ ሆኖ ተከተላቸው።

የማንዴ ሮስማኒ ቤት በር ክፍት ነበር። ኤፍዳ ገና ከደጅ ስታያት «ዊርዳ! የኔ ቆንጆ! ምን አደከመሽ!» እያለች ዕቃውን ከእጇ ወሰደችባት፤ እንዲህ ሰው የምታሞላቅቅ ሴት አልነበረችም፤ አምና በዚሁ በር «ዘገየሽ፣ ኮኮናቱን ፈቅፍቂ» ብላ ነበር የተቀበለቻት። ዊርዳ እንደ ልማዷ ወደ ማድ ቤት ስታልፍ «አይ፣ አይ፣ አንቺ ተቀመጪ» አለቻት። ምንጣፉ ላይ ተቀመጠች። ማንዴ ሮስማኒ ከስተዋል፤ ነጠላ መሳይ መከናነቢያቸው ትከሻቸው ላይ የተሰቀለ ይመስላል። ጉልበታቸውን ሳመች። እጃቸውን ራሷ ላይ አሳርፈው ከሚገባው በላይ አቆዩት። ከዚያ ስለ ዝናቡ ጠየቋት፣ ስለ እናቷ ወገብ ጠየቋት፣ ስለ ቃሪያ ዋጋ ተነጋገሩ። ስለ ዮንድሪ ማንም ምንም አልጠየቀም። የሄደ ልጅ ስሙ በየሁለት ዓረፍተ ነገሩ በሚነሣበት ቤት፣ ዛሬ ስሙን በዙሪያው ዞረው አለፉት፤ ልክ የሚያፈስ ጣራ ሥር እንደተቀመጠ ባልዲ።

አዛን አለ። ቴምር ቀመሱ፣ ስኳር የበዛበት ሻይ ጠጡ፣ መግሪብ ሰገዱና ወደ ማዕዱ ተመለሱ። ኤፍዳ የምሳ ዕቃውን ስትከፍተው ቀይ ዘይቱ በመብራቱ አብረቀረቀ። ማንዴ ሮስማኒ ድልሁን አዩ፣ ፍሬውን አዩ፣ የተጨማደደውን የእንቁላል ቆዳ አዩ፤ ዊርዳም ማየታቸውን አየች። ድንጋይ ያየ ቃሪያ ነው፣ ምን እንደሚያወጡለት እስቲ! አሮጊቷ አንዱን እንቁላል አንሥተው በጣታቸው ከፈሉት፣ ከሩዙ ጋር ለወሱት፣ ጎረሱ። አኘኩ። ፊታቸው ላይ ምንም አልተንቀሳቀሰም። ዋጡና ሁለተኛ ጎረሱ።

ቀጥላ ኤፍዳ ጎረሰች። ዓይኗ ፈጠጠ፤ እጇ በቀጥታ ወደ ውሃው ሄደ። «ዊርዳ! ይኼ ነገር—»

«ብዪ፤» አሉ ማንዴ ሮስማኒ።

«እማዬ፣ ይኼ እኮ—»

«ብዪ አልኩሽ።»

ኤፍዳ አንገቷን ደፋች። ዊርዳ እንዲህ የሆነው ቃሪያው በዝቶ መስሏት እሷም ቆርሳ አፏ ውስጥ ከተተች። ቃሪያ አልነበረም። ጨው ነበር፤ ምላስን የሚያኮማትር፣ ጥርስን የሚያሳክክ፣ የባሕር ውሃ እንደጠጡት ያለ ጨው። ለመዋጥ እንኳ አቅም አነሳት። «ማንዴ፣ ይተዉት! በአላህ ይተዉት!» አለች ሳህኑን ልትወስድ እጇን እየዘረጋች። «ጨው በዝቶበታል፤ እንዴት እንደሆነ አላውቅም። ጾም ስለሆነ አልቀመስኩትም…»

አሮጊቷ እጇን በእጃቸው ጀርባ ቀስ ብለው መለሱት። ሁለተኛውን እንቁላል አነሡ። ውሃ አልጠጡበትም። ቀና ብለው አላዩዋትም። ውጭ ዝናቡ የጣራውን ቆርቆሮ ይመታ ጀመር። ጨርሰው ጣታቸውን በውሃ ካለቀለቁ በኋላ፣ ዓይናቸውን ምንጣፉ ላይ እንደተከሉ፦

«ጣፍጧል፤» አሉ። «እጅሽ ይባረክ።»

ዊርዳ ሊመጣ ያለውን ስድብ ለመቀበል ደረቷን ነፍታ እንደተቀመጠች ቀረች። ድንጋይ ላላየ ቃሪያ ሠርገኛ ፊት እንደሚሰድብ ሰው የሰደቧት ሴት፣ የባሕር ውሃ አብልታቸው እጅሽ ይባረክ አሏት። ከአሁን በኋላ ሌላ ማስረጃ አያስፈልግም። ማንም ቢምል፣ ማንም ቢክድ፣ እቴክ ሊስና እስክትሞት ‹እየተባለ ነው› ብትል፣ ነገሩ በዚህች በአንዲት ምስጋና አልቋል። እንግዳ ናት። ለእንግዳ የሚባለው ተባለላት። የገረማት አለማልቀሷ ነው፤ ጉሮሮዋ ላይ ያለው ያ ጨው ብቻ ነበር፣ ሻይ ብትጠጣበትም አልሄድ ያላት።

ልትወጣ ስትል የምሳ ዕቃው ታጥቦ፣ ተወልውሎ፣ ከበድ ብሎ ተሰጣት። ማንዴ ሮስማኒ እስከ ደጅ ሸኟት። የሆነ ነገር ሊሉ አፋቸውን ከፈቱ፤ የሠርግ ማድ ቤት ያንቀጠቅጥ የነበረው አፍ «ዝናቡ ሳይብስ ግቢ፣ ልጄ» ብሎ ተዘጋ።

ቤት ስትደርስ እናቷ ከተራዊህ ተመልሳ የሰው ቀሚስ እየተኮሰች ነበር። እቴክ ሊስና የምሳ ዕቃውን ለመክፈት ከሷ ቀደመች። ከመሐለኛው ደረጃ የታጠፈ ጨርቅ ወጣ፤ አረንጓዴ፣ ጥሩ ጨርቅ፣ ከአምናው የሚበልጥ። እናቷ ካውያውን አስቀምጣ ጨርቁን ተቀበለች፤ ዘረጋችው፣ ከጣቷ ጫፍ እስከ ትከሻዋ ለካችው፣ እንደገና ለካችው። ልብስ ሰፊ ስለሆነች ሌላ ነገር ማየት አያስፈልጋትም።

«ለአንድ ሰው ነው፤» አለች። «ለአንቺ ብቻ።» አጥፋ ጭኗ ላይ አስቀመጠችውና እጇን ከላዩ አላነሣችም።

እቴክ ሊስና ዝምታውን አልቻለችም። «እንቁላሉንስ እንዴት አገኙት? ደግነቱ እኔ አለሁ! ልትታጠቢ ስትሄጂ ገብቼ ባይ ጨው የሚባል የለበትም፤ ዘይቱ እንዲያ ሲያብረቀርቅ ጨው እንደሌለው ያስታውቃል። አንድ ጭብጥ አደረግኩልሽ። የድሮ ሴት ሳይቀምስ ያውቃል።»

ዊርዳ አየቻት። ከዚያ ሳቀች። ሳቋ መጥቶ አልቆም አላት፤ ግድግዳውን ተደግፋ ሆዷን ይዛ ሳቀች። እቴክ ሊስና መጀመሪያ አብራ ፈገግ አለች፣ ቀጥሎ ፈራች። «ምን ነካት? ምን አደረግኩ እኔ?» እናቷ «ተያት» አለቻት።

ዊርዳ ስልኩን ይዛ ወደ ማድ ቤቱ ሄደች፣ ከተሰነጠቀው ግድግዳ ሥር፣ ድንጋዩ ላይ ተቀመጠች። መፍጫ ድንጋይ ላይ መቀመጥ ነውር ነው፤ ተቀመጠችበት። ዮንድሪ በመጨረሻ አነሣው። ከበስተኋላው ዛሬም ሰው ነበር፤ የሴት ድምፅ፣ የሳህን ድምፅ።

«አግብተሃል አይደል?» አለችው።

«ውሸት ነው» አላለም። «አብደሻል?» አላለም። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፦

«ማን ነገረሽ?» አለ።

«እናትህ የበሉት እንቁላል፤» አለችውና ዘጋችው።

በሰፈሩ ሽማግሌዎች ፊት የሚደረገው ሁሉ ከበዓሉ በፊት ተደርጎ አለቀ፤ እሱ ባለበት ሆኖ የፍቺ ቃሉን በስልክ ሰጠ። ሁለት ሸሚዙና የሠርጉ ጫማ በካርቶን ታስረው ወደ እናቱ ቤት ሄዱ፤ ገብቶ የነበረው በዚያው ያህል ዕቃ ነው። አረንጓዴው ጨርቅ ቀሚስ ሆነ። ዊርዳ የዒድ ዕለት ለብሳው ወጣች፣ ጎረቤቷ ደጅ ላይ ቆማ «አማረብሽ» ስትላት «አውቃለሁ» ብላ አለፈች። እቴክ ሊስና ከዚያን ቀን ወዲህ ባታምን በአፏ አላነሣችም። ቤቱ ጸጥ አለ፤ ከስፌት መኪናው በቀር።

ከበዓሉ በኋላ አንድ ጠዋት ከአክስቷ ጋር ድንጋዩ አጠገብ ቃሪያ ሲቀነጥቡ፣ ዊርዳ እንዲያው ወሬ ለማስቀጠል ያህል፣ «ለመሆኑ ያን ጊዜ ‹እየተባለ ነው› ስትዪኝ የነበረው ማን እያለ ነበር?» አለቻት።

እቴክ ሊስና ዓይኗን ወደ ቆርቆሮው ልትሰቅል ጀመረችና ተወችው።

«አሁንማ ምን ያደርጋል። ማንዴ ሮስማኒ ናቸዋ።»

ዊርዳ እጇ ላይ ያለውን ቃሪያ ሳትቀነጥብ ያዘችው።

«በዝናቡ ጊዜ ገበያ አግኝተውኝ እጄን ያዙኝ፤ ከቃሪያ ሻጮቹ መሐል። ‹ከእኔ አፍ የልጄ ነውር አይውጣ፣ አልችለውም። ልጅቷ ግን ወጣት ናት፣ እየጠበቀች እንዳታረጅ። አንቺ ንገሪያት፣ ከእኔ ሰማሁ እንዳትዪ› ብለው አስማሉኝ። እኔም ነገርኩሽ፤ በየቀኑ ነገርኩሽ፤ አንቺ ነሽ እንቢ ያልሽው። ትናንት ደግሞ እዚያው አገኘኋቸው። ያን ጨው እኔ ነኝ የጨመርኩት ልላቸው አፌን ስከፍት ቀደሙኝ። ‹መልሷ ደርሶኛል በያት› አሉኝ፤ ‹ጨውዋን ቅጣቴ ነው፣ ይገባኛል ብዬ ነው የበላሁት። የተረፈውንም በማግስቱ ለብቻዬ ጨርሼዋለሁ፤ ለማንም አላካፈልኩም› በያት አሉኝ።»